ጨዋው አበዳሪ

ሰፈሩ «ጨዋው» ይለዋል። ገንዘብ በአራጣ ያበድራል፤ ሲያበድርም ሲያስከፍልም ግን ድምፁን ከፍ ሲያደርግ የሰማው ሰው የለም።

ቴሌቪዥን ጠጋኙ ከእሱ የተበደረው መለዋወጫ ሊገዛበት ነበር። ሰው አሮጌውን ከማስጠገን አዲስ መግዛት ሲመርጥ ሥራው ቀዘቀዘ፤ ወለዱ ግን አልቀዘቀዘም። ክፍያው ሲጓተት ጨዋው በርጩማ ይዞ መጣና ከሱቁ ደጃፍ ተቀመጠ። በማግስቱም መጣ። ከዚያ ወዲያ የቀረበት ቀን የለም። ደንበኛ ብቅ ሲል ብድግ ብሎ መንገድ ይለቃል።

«ግቡ፣ ግቡ። እኔ ያበደርኩትን እስኪሰጠኝ ነው የምጠብቀው። በእኔ ምክንያት ሥራው እንዳይበደል።»

ደንበኛው ይገባና ዕቃውን ሳይሠራለት ይዞ ይወጣል።

ከሱቁ ጋር ግድግዳ የሚጋራው ፀጉር አስተካካይ የጠጋኙ ሚስት ታላቅ ወንድም ነው። ሁለት ሦስቴ ወጥቶ «እባክህ ተነሣለት» ብሎታል። ጨዋው «ምን አልኩት ወንድሜ?» ይለዋል። እውነትም ምንም አላለውም። በኋላ በኋላ ጠጋኙ በፀጉር ቤቱ ጓሮ ዞሮ በመስኮት እየገባ፣ በሩን ሳይከፍት መሥራት ጀመረ። ያ ግዙፍ ሰው እግሩን መስኮት ላይ ሲሰቅል አስተካካዩ ይሳቅ ያልቅስ ይጠፋው ነበር።

አንድ ቀን አስተካካዩ የእህቱን ልጅ ከትምህርት ቤት ሊወስድ ሲሄድ ጨዋውን በሩ ላይ አገኘው። ጎንበስ ብሎ ልጅቱን ያናግራታል።

«አባትሽን ሰላም በይልኝ። የት እንደምትማሪ አይቻለሁ በይው። ደስ የሚል ትምህርት ቤት ነው።»

ልጅቱ መልእክቱን ሳታጓድል አደረሰች። በዚያው ሳምንት አባቷ ራሱን አጠፋ።

ፖሊስ ጨዋውን ያዘው። ክሱ ሰውን አዋክቦ ለሞት ዳርጓል የሚል ነበር። ምስክር የሚሰማበት ቀን ሲቃረብ የአስተካካዩ እህት ፀጉር ቤቱ መጥታ የደንበኛ ወንበር ላይ ተቀመጠች።

«ወንድምዓለም፣ እገልሃለሁ ሲለው ሰምቻለሁ በልልኝ።»

«አላለውም እኮ።»

«ታዲያ ምን ብሎ ነው የገደለው?»

አስተካካዩ መቀሱን አነሣ፣ መልሶ አስቀመጠው።

«ወይስ እኛ ነን?» አለች። «ቤት ሲገባ ዝም ይላል። ደክሞት ነው ብዬ እኔም ዝም አልኩ።»

«ተይ እንጂ። አንቺ ምን አደረግሽው?»

«ያም ሰውዬ ምን አደረግኩት ነው የሚለው።»

ችሎት ላይ ዐቃቤ ሕጉ ጠየቀው። «ተከሳሹ ሟችን ሲሰድበው ሰምተዋል?»

«አልሰማሁም።»

«ሲዝትበትስ?»

«እንጃ። እንዴት አደርክ ወንድሜ ነው የሚለው። ያን ሲሰማ ግን ጠጋኙ መበየጃውን መያዝ ያቅተዋል።»

የተከሳሹ ጠበቃ ተነሣ። «ሰላምታ ነው እንግዲህ የገደለው?»

«እኔንም ግራ የገባኝ እሱ ነው» አለ አስተካካዩ።

ከኋላ የሳቀ ሰው ነበር። ዳኛዋ አልሳቁም። «ያዩትን ብቻ ይንገሩን» አሉት።

ነገራቸው። በርጩማውን፣ መስኮቱን፣ የትምህርት ቤቱን በር። ሲያወራው ሁሉም ነገር ትንሽ ትንሽ መሰለው፤ ሰው የሚሞትበት አይመስልም። ዳኛዋ ግን የልጅቱን ነገር አስደገሙት።

ፍርዱ ሲነበብ ጨዋው በአራጣ በማበደርና በማስፈራራት ጥፋተኛ ተባለ፤ ለልጅቱ የነገራት ዛቻ ነው አሉ ዳኛዋ። ጠጋኙ እንዲሞት አስቦ ወይም እንደሚሞት አውቆ ማድረጉ ግን ስላልተረጋገጠ በሞቱ አይጠየቅም። እስራት ተፈረደበት። አስተካካዩ ይደሰት ይዘን አላወቀም። ያሸነፉ ይሁን የተሸነፉ ሳይገባው እህቱን ተከትሎ ወጣ።

ኮሪደሩ ላይ ጨዋው በካቴና ታስሮ በፖሊሶች መሃል ሲመጣ ተገጣጠሙ። ቆም አለና ጎንበስ አለላት።

«እግዜር ያጽናሽ፣ እህቴ።»

«አሜን» አለች።

ይዘውት አለፉ። እሷ ባለችበት ደርቃ ቀረች።

«አሜን አልኩት እኮ። ለምንድን ነው አሜን ያልኩት?»

«ከአፍሽ አምልጦ ነው።»

«ከልቡ ይሆን እንዴ?»

ወንድሟ ለማስታወስ ሞከረ። ያን ፊት ያን ሁሉ ጊዜ አይቶታል፤ ከልቡ ይሁን ለማሾፍ ሊለየው አልቻለም።

«አላወቅኩም» አላት። «እውነቴን ነው፣ አላወቅኩም።»

ክንዷን ይዞ ደረጃውን ወረዱ። ስታለቅስ፣ የሚያልፈው ሰው የተፈረደው በእሷ ላይ መስሎት ዞር እያለ ያያታል።