የረድፉ መሃል

ዶክተሩ ዳር መቀመጥ ፈልጎ ነበር። እናቱ ግን "የልጄን ፊልም ከጥግ ሆኜ አላይም!" ብላ እጁን እየጎተተች ረድፉ መሃል አስገባችው። በግራው እሷ፣ በቀኙ ፊልሙን የሠራው ሰው፣ ጓደኞቹ "ሌንስ" የሚሉት። ከዚያ ወዲያ በሁለቱም በኩል እስከ ግድግዳው ድረስ የተደረደረ የተቀመጠ ሰው ጉልበት ብቻ ነው።

መብራት ሳይጠፋ ወደ ሌንስ ጠጋ አለ።

"ያንን ቦታ ቆረጥከው አይደል?"

"የቱን?"

"የቱን እንደሆነማ ታውቃለህ።"

ሌንስ የሸሚዙን ቁልፍ ነካካ። "ወንድሜ፣ እሱ ከወጣ ፊልሙ ምን ይቀረዋል?"

አዳራሹ ጨለመ።

ያ ቦታ ጦር ግንባር አጠገብ፣ ሸራ ድንኳን ውስጥ የተቀረጸ ነው። ቁስለኛ በጎረፈበት ጠዋት ዶክተሩ ነፍሱ ያልወጣች አንድ ሰው ያያል፤ እንደማይተርፍ ይፈርዳል፤ ግንባሩ ላይ ጥቁር ምልክት አድርጎ ያልፋል። ትክክል ነበር። ከሰውየው ኋላ ሊተርፉ የሚችሉ ነበሩ፣ ተርፈዋልም። ይህንን ለየትኛውም ሐኪም ማስረዳት አያቅተውም። እናቱ ግን ሐኪም አይደለችም። "የኔ ልጅ አንድም ሰው ጥሎ አያልፍም" ብላ ለሰፈሩ ሁሉ ያወራች ናት።

"ውይ፣ ምን አክስተውሃል!" አለች እናቱ፣ ገና ስክሪኑ ላይ ስታየው።

"እማዬ፣ ቀስ በይ።"

"የሰጠሁህ ሹራብስ? በዚህ ብርድ በሸሚዝ! ትንፋሻችሁ እኮ እየጨሰ ነው!"

ከኋላ የሆነ ሰው ሳቀ። ዶክተሩም ሊስቅ ምንም አልቀረው። ወዲያው ድንኳኑ ላይ ያለውን ቅዳድ አየና ያ ጠዋት መሆኑን ለየ። ከወንበሩ ብድግ አለ።

"ወዴት ነው?"

"ሽንት ቤት።"

"አሁን? ቁጭ በል፣ ሰው አትረብሽ!" ኮቱን ይዛ ጎትታ አስቀመጠችው።

ፊልሙ ውስጥ ያለው ዶክተር የታጠፈ ብርድ ልብስ ትከሻው ላይ ጣል አድርጎ መጣ። ተንበረከከ። የሰውየውን አንገት በሁለት ጣቱ ነካ፣ ዓይኑን ገልጦ አየ፣ ከኪሱ እስክርቢቶ አውጥቶ አሰመረ። ሊነሳ ሲል የሰውየው እጅ ሱሪውን ጨበጠ። ጣቶቹን አንድ በአንድ አላቅቆ ሄደ። ካሜራው አልተከተለውም፤ በሰውየው ባዶ እግር ላይ ቀረ።

እናቱ የያዘችውን ኮት ለቀቀች። ዶክተሩ መልሱን በሆዱ ደረደረ፦ ደሙ፣ ሰዓቱ፣ የሐኪም ማነስ፣ የተረፉት።

መብራቱ ሲበራ ጭብጨባው አዳራሹን ሞላው። ሌንስ ተነስቶ እጅ ነሳ፣ ወደ መድረኩ ሄደ። ወንበሮቹ ጧ፣ ጧ እያሉ ታጠፉ።

"በሕይወት ነበር?" አለች እናቱ።

"ነበር። ግን የሚተርፍ አልነበረም። እማዬ፣ ሌሎቹን…"

"እሱንማ አንተ ታውቃለህ፣ አልጠየቅኩህም።" ፊቷን አላዞረችም። "ብርድ ልብሱን ትከሻህ ላይ ይዘህ፣ እግሩን ለምን አልሸፈንክለትም?"

ከደረደረው ውስጥ ለዚህ የሚሆን አጣ።

"ዶክተር፣ መድረኩ ላይ እርስዎን እየጠበቅን ነው!" ሲል ተጣራ ድምፅ ማጉያው።

ከሁለቱ በቀር ረድፉ ባዶ ሆኗል። እስከ በሩ ድረስ መንገድ የሚዘጋ አንድ ጉልበት እንኳ የለም። ዶክተሩ ግን ከተቀመጠበት ንቅንቅ አላለም።