የሎርዱ ጀልባ የተነሳችበት ሰዓት

ልዑልቃል ከለንደን የመጣለትን ኢሜይል የከፈተው ሐሙስ ከሰዓት በኋላ ነው፤ ሌክ ሲቲ በሚባለው ሰፈር ከሚስቱ ጋር በተከራዩት ምድር ቤት ለነገ የሚያስረውን ከረባት እያማረጠ ነበር። አርብ ጠዋት በአራት ሰዓት አምስት መምህራን ፊት ቆሞ የዶክትሬት ጽሑፉን ዲፌንድ ያደርጋል። ካለፈ በመስከረም የሚጀምር የማስተማር ሥራ ይጠብቀዋል። ካላለፈ ግን ዩኒቨርሲቲው ከስድስት ዓመት በላይ አንድ ቀን እንደማይጨምርለት በደብዳቤ አስታውቆታል። የእሱም የሚስቱም የመኖሪያ ፈቃድ የተንጠለጠለው በተማሪነቱ ላይ ነው።

ጽሑፉ በንግሥት ቪክቶሪያ ዘመን ስለነበረ የባሕር ኃይል መኮንን ነው። ሎርድ ኦገስተስ ሃልስቴድ የመሳፍንት ልጅ ነበር። በአሥራ ሦስት ዓመቱ መርከብ ላይ ወጣ፤ በሃያ ስድስት ዓመቱ በአጎቱ ግፊት ካፒቴን ሆነ። ጫማውን ራሱ አውልቆ አያውቅም፤ መርከበኞቹንም በስማቸው አይጠራም። ልዑልቃል በሚዛን ልይህ እያለ ቢታገልም ሰውየውን ከመጀመሪያው ገጽ ጀምሮ ጠልቶታል።

የጽሑፉ እምብርት አንድ ጠዋት ነው። በ1868 እ.ኤ.አ. የሎርዱ መርከብ ቀይ ባሕር ላይ ከድንጋይ ተላትማ ስታጋድል አሥራ ዘጠኝ ሰዎች ሰጠሙ። ሎርዱ ፍርድ ቤት ቀርቦ፣ «መርከቧን ወደ ሌላ ማረፊያ እንዲያዛውር ለምክትሌ ትቼ የብስ ላይ ነበርኩ» አለ። የአናጢ ልጅ የሆነው ምክትሉ ማዕረጉን ተገፎ በድህነት ሞተ። ልዑልቃል ግን ለንደን ሄዶ ማንም ያልገለጠውን የወደብ መዝገብ አገኘ። በፈረንጅ ሰዓት አቆጣጠር መርከቧ የተላተመችው ጠዋት በስምንት ነው፤ ሎርዱን የጫነችው ጀልባ ደግሞ ከየብስ የተነሳችው በአራት። እንግዲህ ሎርዱ መርከቧ ላይ ነበር፤ ዋሽቷል። የማስተማሩን ሥራ ያስገኘለት ይህ ግኝት ነው።

ኢሜይሉ የዚያን መዝገብ ፎቶ ይዟል። ነገ ለመምህራኑ ላሳይ ብሎ ራሱ የጠየቀው ነው። ገጹን አጎላው። ከጀልባዋ ስም ፊት ለፊት የተጻፈው ቁጥር አሥር ነበር።

ደብተሩን ከመሳቢያው ጎትቶ አወጣ። ያኔ ፎቶ ማንሳት ስላልተፈቀደለት በእርሳስ ነበር የገለበጠው፤ «ጀልባ፣ ጠዋት 4» ይላል። ለራሱ የሚጽፈውን ሁሉ በአማርኛ ነው የሚጽፈው። ዓመተ ምሕረቱን እንዳያምታታ ሁልጊዜ ይጠነቀቅ ነበር፤ ሰዓቱን ግን እጁ በልማዱ የፈረንጁን አሥር የአበሻ አራት አድርጎታል። የአደጋውን ሰዓት ከታተመው የፍርድ ቤት መጽሐፍ እንዳለ ወስዷል። ከሁለት ዓመት በኋላ በእንግሊዝኛ ሲጽፍ ያን አራት፣ የፈረንጅ አራት ብሎ አሳለፈው። ሎርዱ ከየብስ የተነሳው መርከቧ ከተላተመች ከሁለት ሰዓት በኋላ ነበር።

«ኖሊ፣ እስቲ ነይ።»

ሚስቱ ኖላዊት የነገውን ሸሚዝ እየተኮሰች ነበር። አዲስ አበባ ፋርማሲስት ነበረች፤ እዚህ በእሱ ቪዛ ስለገባች መሥራት አይፈቀድላትም።

«ምን ሆነሃል? ፊትህ አመድ መሰለ።»

አሳያት። ፎቶውንም ደብተሩንም ደጋግማ አየች።

«ታዲያ? አንድ ቁጥር ነው፤ አስተካክለው።»

«ካስተካከልኩት የሚተርፍ ነገር የለም። ሁሉም ምዕራፍ የቆመው በዚች ላይ ነው።»

«ማን አየው?»

«እኔ።»

«ከአንተ ሌላ?»

ደብተሩን ዘጋው።

«ልዑል፣ ሎርዱ ከሞተ መቶ ዓመት አልፎታል። እኔ ግን ይኸው አለሁ። አራት ዓመት ሙሉ ፋርማሲ በገባሁ ቁጥር የሰው ጋዋን እያየሁ የምመለስ እኔ አለሁ።»

በሩ ተንኳኳ። አከራያቸው ጋሽ አክሊሉ ለነገ ያዋሱትን ኮት በክንዳቸው ይዘው ከላይ ወረዱ። ሃያ ዓመት ታክሲ የነዱ ሰው ናቸው።

«እህሳ፣ ያ መርከበኛህ! ነገ ትሰቅለዋለህ አይደል?»

«ንጹሕ ሆኖ ተገኘ፣ ጋሽ አክሊሉ።»

«ዛሬ? በዋዜማው? ኤጭ! ይሄ ሰው ሞቶም አያስቀምጥ!»

«እርስዎ ቢሆኑ ምን ያደርጉ ነበር?»

«እኔ ምን አውቄ! አንድ ጊዜ ያልገጨሁትን መኪና ገጭተሃል ብለው ስድስት ወር ላይሰንሴን ነጠቁኝ። ያን ፖሊስ እስከ ዛሬ...» ኖላዊትን አይተው አቋረጡ። ኮቱን ወንበር ላይ አስቀመጡት። «እንዲያ ማለቴ እንኳ አይደለም። አንተ ብቻ ነገ ሂድ፣ ልጄ» ብለው ወጡ።

ልዑልቃል አራተኛውን ምዕራፍ ገለጠ። ከፍርዱ በኋላ ሐሜቱ ሎርዱን አልለቀቀውም፤ ለአሥራ አንድ ዓመት መርከብ የሚሰጠው አጣ። ሲያረጅ ለእህቱ የጻፈላትን ደብዳቤ ልዑልቃል የግብዝነቱ ማስረጃ ብሎ ጠቅሶት ነበር። «መርከቧ ላይ አልነበርኩም» ይላል ደብዳቤው። «አንድ ሰው እንኳ ቢያምነኝ በቂዬ ነበር።»

ስልኩን አነሳ።

«ለማን ነው?» አለች ኖላዊት።

«ለአማካሪዬ፣ ለፕሮፌሰሯ።»

«ልዑል፣ እባክህ። ከነገ በኋላ ንገራቸው።»

«ከነገ በኋላማ ዋሽቼ ነው የምነግራቸው።»

ካውያውን ነቅላ ፊቷን አዞረች።

ፕሮፌሰሯ እስኪጨርስ ሰማችው። ነገ መቅረብ እንደማይችል፣ ጊዜ እንዲጨመርለት እንደምትለምን፣ እሱ ግን ብዙ ተስፋ እንዳያደርግ ነገረችው። የዩኒቨርሲቲው መልስ ከመምሸቱ በፊት ደረሰ። ሁለት መስመር ነው፤ አይቻልም ይላል።

በማግስቱ ከጠዋቱ አራት ሰዓት ላይ፣ የተተኮሰው ሸሚዝ በሩ ላይ ተሰቅሎ ነበር። ልዑልቃል ባዶ ገጽ ከፍቶ፣ ማን እንደሚያነበው ሳያውቅ፣ በአማርኛ መጻፍ ጀመረ፦ «ሎርድ ሃልስቴድ ከጠዋቱ አራት ሰዓት ላይ ጀልባ ተሳፈረ። መርከቧ አጋድላ ከሩቅ ትታየው ነበር።»

ከጓዳ፣ ኖላዊት ሻንጣ ከአልጋ ሥር ስትጎትት ተሰማው።