የቃሲም አውራ ጣት

በ1987 ክረምት፣ አባቴ ቃሲም ሊሞት አንድ ወር ሲቀረው፣ አፉታ እንድጠይቅለት ከከሚሴ ወደ ሰንበቴ ላከኝ። የላከኝ ዙሀራ ዘንድ ነው፤ በወጣትነታቸው ባሕር ላይ የሞተው የጓደኛው የኑርሁሴን እህት ናት። እኛ ዘንድ ሞት የቀረበው ሰው የበደለውን ሁሉ "አፉ በለኝ" ሳይል አይሄድም። እኔም እንደ ልማዱ፣ አውቆም ሳያውቅም ላጠፋው አፉ እንድትለው ለመንኳት። ጨው እየሰፈረች ነበር። ቀና ሳትል "አፉ ብያለሁ" አለች።

ተመልሼ ስነግረው አባቴ ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ።

"ኢንተላ ኮ፣ ልጄ፣ ያላወቀችውን እንዴት አፉ ትላለች? አምጫት።"

በማግስቱ መጣች። እኔም ነገሩን የሰማሁት ያን ዕለት ከእሷ ጋር ነው።

በሁለተኛው የፈረንጆች ትልቅ ጦርነት ጊዜ አባቴና ኑርሁሴን ጅቡቲ ወርደው በነጮች የጦር መርከብ ላይ እሳት ቤት ከሰል ለመጨመር ተቀጠሩ። ጥቁሮቹ የሚተኙት ከሰሉ ላይ፣ የሚበሉት ከነጮቹ የተረፈውን ነበር። ውሃ ላይ የሚያንሳፍፈው ሰደርያም በነጮቹ ቁጥር ልክ ነው የመጣው። መርከቡ ተመትቶ ሲቃጠል ነጩ አለቃ የእሳት ቤቱን በር ከውጭ አስቆለፈ። ውስጥ አሥራ ሁለት ጥቁሮች ነበሩ። አባቴ አመድ ሊደፋ ወጥቶ ነው የተረፈው፤ ሲወጣ ኑርሁሴን አካፋውን ይዞ ነበር።

በኋላ መርማሪዎቹ፣ ጥቁሮቹ ተኝተው እሳቱ አመለጣቸው ብለው ጻፉ። ከተረፉት ጥቁሮች አልፈርምም ያሉት ታሰሩ። አባቴ ፈርቶ አውራ ጣቱን አኖረ። አገሩ ሲገባም ለኑርሁሴን እናት ያንኑ ነገራት።

"እናቴ እኮ" አለች ዙሀራ፣ "የልጄ እንቅልፍ ሰው ፈጀ እያለች ነው የሞተችው።"

ከዚያ ወደ አልጋው ጠጋ አለች።

"የእኔን አፉ ብያለሁ፣ ቃስሜ። የወንድሜን ግን እኔ ልሰጥህ አልችልም። ጁምዓ ሰው ፊት በአፍህ ተናገር።"

ጁምዓ ጎረቤቶች ከነአልጋው ተሸክመው መስጊድ ወሰዱት። እኔና ዙሀራ አጥሩ ጋ ቆምን፤ ድምፁ አይደርሰንም። ሲጨርስ ወንዶቹ ተሰልፈው ለኑርሁሴን የሩቅ ሟች ሶላት ሰገዱ።

ጎረቤታችን ሙህዲን ቀድሞ ሲወጣ ዙሀራ ያዘችው።

"በሩ ተቆልፎ ነበር ብሏል?"

"ብሏል፣ አዴ። ወንድምሽ ነቅቶ ሥራው ላይ ነበር ብሏል።"

ዙሀራ ድንጋይ ላይ ተቀመጠችና የወንድሟን መርዶ ዛሬ እንደሰማች ሰው አለቀሰችው። እኔም አጠገቧ ተቀመጥኩ።