የኩዌ የቀትር እንቅልፍ

ኩዌ አማቷን ከቀበረች ወራት አልፈዋል። ጆሮዋ ግን ገና አልቀበራቸውም። አሮጊቷ አእምሯቸው እየሳተ ከሄደ ጀምሮ፣ ሃኖይ ውስጥ ባለችው ጠባብ ቤት ከግድግዳው ወዲያ ሲያስሉ፣ ሲያቃስቱ፣ ወይም ዱሮ በሞተች እህታቸው ስም ሲጣሩ፣ ከአልጋ ዘላ የምትነሳው እሷ ነበረች። ባሏ ከእናቱ ቀድሞ ሞቷል፤ ልጇ ደቡብ አገር አግብታ ትኖራለች። ስለዚህ ያን ሁሉ ዓመት አንድ ጆሮዋን ክፍት አድርጋ ነው የተኛችው። አሁን ክፍሉ ባዶ ነው። እሷ ግን ሌሊት ሌሊት ያው ብድግ ትልና በባዶ እግሯ እስከ በሩ ሄዳ፣ የተጠቀለለውን ፍራሽ አይታ ትመለሳለች። ከዚያ በኋላ እንቅልፍ የሚባል ነገር በዓይኗ አይዞርም።

ቀን ልብስ ስፌት ቤት ነው የምትውለው። አጠገቧ ባለው መኪና የምትሰፋው ቶዋ፣ ወፈር ያለችና ሳቋ መንገድ ተሻግሮ የሚሰማ ሴት፣ የጓደኛዋን ነገር ሁሉ ታውቃለች። አንድ ቀን ኩዌ የሸሚዙን እጅጌ አንገትጌው ላይ ስትገጥመው አየቻትና ከእጇ ተቀብላ ፈታችው። በሳምንቱ ለሁለት ሰው የሚሆን የጉዞ ቲኬት ይዛ መጣች። ጠዋት ወጥቶ ማታ የሚመለስ፣ የገጠሩን ኑሮ የሚያሳይ ጉዞ ነው። ኩዌ ከተማ ተወልዳ ከተማ ያረጀች ናትና ጭቃ ለማየት አውቶቡስ መሳፈር ምን የሚሉት ነገር ነው ብላ ተከራከረች። ቶዋ አልሰማቻትም።

እሁድ ጠዋት አስጎብኚዋ ዊየን አውቶቡሱ ውስጥ ፊት ቆማ በማይክሮፎን ታወራ ነበር። ስለ ምን እንዳወራች ኩዌ አታስታውስም። የምታስታውሰው ድልድዩን ሲሻገሩ ወንዙ አለመታየቱን ነው። ከታች ነጭ ጉም ብቻ ተኝቶ ነበር፤ ከጉሙ ውስጥ የጀልባ ሞተር ይሰማል፣ ጀልባዋ ግን የለችም። ከዚያ ጎርፍ በሚከላከለው ግድብ አናት ላይ ብዙ ሄዱ። ከግድቡ ወርደው ወደ መንደሩ ሲታጠፉ የመኪናው ድምፅ ባንዴ ጠፋ። የቆመ መስሏት ቀና ብላ በመስኮት ብታይ፣ ዛፎቹ ወደ ኋላ እየሄዱ ነው። ለካ አጨዳ አልቆ የመንደሩ ሰው የሩዙን ገለባ አስፋልቱ ላይ አስጥቶታል፤ ጎማው የሚሽከረከረው በገለባ ላይ ነው።

“እንደ ሙሽራ አነጠፉልን እኮ” አለቻት ቶዋ።

የተቀበሏቸው ካንግ የሚባል ገበሬና ሚስቱ ሉዋ ናቸው። ግቢያቸው ውስጥ ኩሬ፣ ቀጫጭን ዘንባባዎችና ሎንጋን የሚባል ፍሬ የሚያፈሩ፣ ጥላቸው የሰፋ ሁለት ዛፎች አሉ። ሉዋ ለእንግዳው ሁሉ እሷ እንደለበሰችው ያለ ቡናማ የገበሬ ልብስና ሾጣጣ የቅጠል ባርኔጣ አደለች። ካንግ የሚያርስበትን ጎሽ ይዞ በር ላይ ቆመ። ጎሹ ፎቶ መነሳት ከመልመዱ የተነሳ ስልክ ሲነሳ ባየ ቁጥር ፊቱን ወደዚያው ያዞር ነበር። ቀጥሎ ለእንግዳ ተብሎ ሳይታጨድ ወደ ተተወ ቁራሽ ማሳ ወሰዷቸው። የከተማው ሰው ማጭድ ተቀብሎ ገባበት፤ ሲወጣ ማሳው ሕፃን ልጅ በመቀስ የተጫወተበት ጭንቅላት መሰለ። ኩዌም ጥቂት አጭዳ፣ ነዶዋን እንደ አበባ ታቅፋ ቆመች። ምን እንደምታደርገው አላወቀችም። ቶዋ ግን ወደ ኩሬው ወርዳ እስከ ወገቧ ጭቃ ውስጥ ገብታ በቅርጫት ዓሣ ታሳድዳለች፤ ዓሣው ወዲያ፣ እሷ ወዲህ።

ምሳ በሸርጣን መረቅ የተሠራ ወጥ፣ ሩዝና በጨው ውሃ የተዘፈዘፉ ትንንሽ ደበርጃኖች ነበር። ከበሉ በኋላ ዊየን የሩዝ ኬክ በቅጠል እንዴት እንደሚጠቀለል ልታሳይ እንግዶቹን ወደ በረንዳው ጠራች። ኩዌ እጅና እግሯ ከበዳት። በሁለቱ የሎንጋን ዛፎች መሀል አንድ የመረብ አልጋ ተንጠልጥሏል። ሻይ እስኪመጣ ጋደም ልበል አለችና ወጣችበት። ከዛፉ ሥር፣ ዝቅ ባለች በርጩማ ላይ፣ የካንግ እናት እማማ ቲን ተቀምጠው ኦቾሎኒ ይፈለፍላሉ። በድሮ ወግ ጥርሳቸውን ያጠቆሩ፣ ትንሽዬ አሮጊት ናቸው። ኩዌን ቀና ብለው አዩአት። ከዚያ አንድ እግራቸውን ዘርግተው ከአልጋው ጫፍ የተንጠለጠለውን ገመድ በእግር ጣታቸው ያዙት፤ ዓይናቸውን ከኦቾሎኒው ሳያነሱ ወዲህና ወዲያ ያወዛውዙት ጀመር።

ቅጠሉ ወደሷ መጣ፣ ሄደ። ሰማዩ መጣ፣ ሄደ። የኦቾሎኒው ልጣጭ ቀጭ፣ ቀጭ ይላል። የቶዋ ሳቅ ከሩቅ፣ ከውሃ በታች እንደሚመጣ ሆኖ ተሰማት።

በሕልሟ ሩዝ ማሳ ውስጥ ነበረች። ማሳው ግን ከተማ ያለው መኝታ ቤቷም ነው። ውሃው አልጋዋን እስከ ፍራሹ ድረስ ከቦታል፤ ሳቢሳዎች በግድግዳው ጥግ ቆመዋል። ከግድግዳው ወዲያ አማቷ ሲጣሩ ሰማች። መጣሁ አለች፤ እግሯ አልታዘዝላት አለ። መጣሁ፣ መጣሁ እያለች ውሃውን ስትገፋ ሌላ ድምፅ፣ በጣም ከቅርብ፣ “ተኚ። እኔ አለሁ” አላት። ማን እንደሆነ አልጠየቀችም። አንድ ሰው ከትከሻዋ ላይ ሸክም ያወረደላት ያህል ሆነና እንደ እርጥብ ቅጠል ቀስ እያለች ወደ ታች፣ ወደ ጨለማውና ወደ ቀዝቃዛው ሰጠመች። እዚያ ምንም ሕልም አልነበረም።

ከዚያ በኋላ የሆነውን የሰማችው ስትነቃ ነው። መሄጃ ሰዓት ደርሶ ቶዋ ልትቀሰቅሳት ስትመጣ፣ እማማ ቲን ገመዱን በእግራቸው እንደያዙ በኦቾሎኒ ልጣጭ መትተው መለሷት። ዊየን ራሷ መጣች። ይዤ የመጣሁትን ሰው ቆጥሬ መመለስ አለብኝ፣ እንጀራዬ ነው ብላ በሹክሹክታ ለመነች። አሮጊቷ እንደዚህ የሚተኛ ሰው አይቀሰቀስም አሉ፤ ለምን እንደሆነ አላብራሩም። በመጨረሻ ሉዋ ገባችበትና፣ ማታ የመጨረሻው አውቶቡስ ግድቡ ላይ ሲያልፍ ባሌ በሞተር ብስክሌት ያደርሳታል ብላ ቃል ገባች። ቶዋ ልቅር ብትል፣ አንቺ ከቀረሽ ማን ይተኛል አሏት አሮጊቷ። ሾፌሩም ሞተሩን ግቢው ውስጥ አላስነሳም። ወንዶቹ ወርደው አውቶቡሱን እስከ ገለባው ገፉት።

ኩዌ ዓይኗን ስትገልጥ ብርሃኑ ሌላ ነበር፤ ወፍራምና ቢጫ። ግቢው ጭር ብሏል። አንዲት ቀይ የእግር ኳስ ማሊያ የለበሰች ሴት ለዳክዬዎች ፍርፋሪ ትበትናለች። ሉዋ መሆኗን ለመለየት ጥቂት ጊዜ ፈጀባት።

“ሰውስ? አውቶቡሱስ?” ብላ ልትነሳ ስትል መረቡ ገለበጣትና በአራት እግሯ መሬት ላይ አረፈች።

“ሄዱ እኮ፣ እትዬ” አለች ሉዋ፣ ሳቋን እየዋጠች። “አይደንግጡ፣ ማታ እናደርስዎታለን። ጓደኛዎ ነጠላ ጫማዎን ትታልዎታለች፣ ቦርሳዎን ግን ይዛው ሄዳለች። ከጫማው ይልቅ ቦርሳው ሊሰረቅ ይችላል ብላ።”

ኩዌ አፈረች። ሰው ቤት መጥታ፣ ያውም አሮጊት እያወዛወዟት፣ እንደ ሕፃን ተኝታ መዋሏ አሳፈራት። ወደ እማማ ቲን ዞራ ይቅርታ ትጠይቅ ጀመር። እሳቸው የኦቾሎኒውን ዘንቢል ወደ ጎን ገፉና አጠገባቸው ያለውን መሬት መታ መታ አደረጉት። ተቀመጠች።

“ማን ነው የሚጠራሽ?” አሏት።

“እ?”

“ተኝተሽ መጣሁ መጣሁ ትያለሽ። ማን ነው?”

ኩዌ የአማቷን ነገር ነገረቻቸው። ለቶዋ እንኳ ያልነገረቻትንም ጨመረች። አንድ ሌሊት በጣም ደክሟት፣ ሲጣሩ እየሰማች ትንሽ እንደቆየች፤ ስትገባ ግን አሮጊቷ ሰላም ተኝተው እንዳገኘቻቸው፣ ምንም እንዳልሆኑ፣ ቢሆንም ከዚያ ወዲያ ያቺን ቅጽበት መርሳት እንዳቃታት። እማማ ቲን የአገሩ አሮጊቶች የሚያኝኩትን ቅጠል እያኘኩ ሰሟት። አላጽናኗትም።

“እኔም የባሌን እናት አስታምሜያለሁ” አሉ በመጨረሻ። “ክፉ ሴት ነበሩ። ሲሞቱ እንዳንቺ እየባነንኩ እነሳ ነበር። በምን ተወኝ መሰለሽ? ካንግን ወለድኩ። እሱ ሌላ ጩኸት አመጣ።” ጥቁር ጥርሳቸውን አሳይተው ሳቁ። “አንቺ እንግዲህ አትወልጂም። ስትጮሂብኝ፣ ተኚ እኔ አለሁ አልኩሽ። ዝም አልሽ። ሌላ ምን አውቃለሁ?”

ኩዌ አንገቷን ደፍታ ከዘንቢሉ ኦቾሎኒ እያነሳች ትፈለፍል ጀመር። አሮጊቷም ፊቷን ላለማየት ወደ ሰማዩ ቀና አሉ። ያን ጊዜ ነው ከግድቡ ማዶ የተነሳውን ደመና ያዩት።

“ሉዋ!” አሉ። “ሩዙ!”

ከዚያ ቀጥሎ የሆነው ለኩዌ እስከ ዛሬ ከሕልሙ ይልቅ ሕልም ይመስላታል። መንደሩ ባንዴ ከየቤቱ ወጣ። ከየደጃፉና ከየመንገዱ ዳር ሸራ ላይ የተሰጣውን ሩዝ ሰው ሁሉ በመጥረጊያ፣ በእንጨት መግፊያ፣ በእጁም ወደ መሀል ይሰበስባል። ማንም ማይክሮፎን አልያዘም፣ ማንም እንዴት እንደሚደረግ አላሳያትም። ሉዋ ጆንያ ወርውራ “አፉን ይያዙልኝ” አለቻት፤ ያዘች። እህሉ ሞቅ እንዳለ እጇ ላይ እየፈሰሰ ገባ። ከደመናው በታች የገባው የፀሐይ ብርሃን የሰውን ሁሉ ፊት፣ ገለባውን፣ የሚሮጡትን ዳክዬዎች አንድ ቀለም አድርጎታል። አንድ የማታውቀው ሰውዬ እያለፈ እህታችን ፈጠን በይ አላት። ፈጠነች። በነፋሱ የተነሳው ገለባ በራሳቸው ላይ ይንሳፈፋል፤ ነፋሱ እየጮኸ ስለነበር የሰው አፍ እንጂ ቃሉ አይሰማም። የመጨረሻውን ጆንያ በረንዳ ላይ ሲጥሉት ዝናቡ እንደ ግድግዳ ወረደ።

እሷና ሉዋ በላብ በስብሰው፣ ፀጉራቸው ውስጥ ገለባ ተሰግስጎ፣ በረንዳው ላይ ቆመው ተያዩ። ሉዋ መጀመሪያ ሳቀች። ኩዌም ሳቀች። እንዲህ ስትስቅ ራሷን ከሰማች ቆይታለች፤ የቶዋ ሳቅ መስሏት ነበር።

ዝናቡ ሲያባራ ካንግ ሞተሩን አውጥቶ ከኋላው አስቀመጣት። እማማ ቲን አልሸኟትም፤ እሳቸውም በተራቸው መረቡ ላይ ወጥተው ተኝተዋል። ግድቡ ላይ ሲወጡ በሁለቱም ወገን ማሳው ውሃ ቋጥሮ ሰማዩን ይዟል፤ መንገዱ በሁለት ሰማይ መሀል የተዘረጋ ይመስላል። ካንግ የማይናገር ሰው ነው። አንዴ ብቻ ዞር ብሎ “እትዬ፣ አልተኙም አይደል?” አላት።

“አልተኛሁም።”

“ደግ። እዚህ የሚያወዛውዝ የለም፣ የሚወድቁት ቀጥታ ነው።”

ያን ሌሊት ቤቷ ገብታ ከተኛች በኋላ እንደ ልማዷ ባነነች። ተነስታ ቁጭ አለች። እግሯን መሬት ላይ አሳረፈች። ሲሚንቶው ቀዝቃዛ ነበር። ጥቂት ቆየችና እግሮቿን መልሳ አልጋው ላይ አወጣቻቸው። ያን ሌሊት ከዚያ የበለጠ ነገር አልሆነም። በሚቀጥለውም ሌሊት እንደዚያው። አንዳንድ ቀን እስከ በሩ ትሄዳለች፣ አንዳንድ ቀን አትሄድም።

ወር ሳይሞላ ለቶዋ፣ ወደዚያ መንደር ልሄድ ነው አለቻት፤ ከጎብኚ ጋር ሳይሆን በተራ አውቶቡስ። ቶዋ ለመተኛት ያን ያህል መንገድ፣ ቤትሽ አልጋ የለሽም ወይ ብላ ቀለደችባት። ኩዌ ለብቻዋ ሄደች።

ያን ቀን ግን ማንም አላስተኛትም። የተከላ ወቅት ነበር። ሉዋ በር ላይ ስታያት አልተገረመችም። የችግኝ እስር አስታቀፈቻትና ወደ ማሳው መራቻት። ኩዌ ሱሪዋን ጠቅልላ ገባች። ውሃው ለብ ያለ ነው፤ ጭቃው እግሯን ውጦ በዝግታ መልሶ ይተፋዋል፤ ውሃው ላይ የሚታየው ደመና በጣቶቿ መሀል ያልፋል። ወደ ኋላ እየተራመዱ ነው የሚተከለው፤ የተከሉት ፊት ለፊት ይታያል፣ የሚረግጡት አይታይም። ጥቂት ከሄደች በኋላ ቀና ብላ መስመሯን አየች። እንደ እባብ ተጣሟል።

“ሉዋ፣ አበላሸሁት መሰለኝ።”

ሉዋ ወገቧን ይዛ ቀጥ አለችና መስመሩን ረጅም ጊዜ አየችው።

“ተዪው” አለቻት። “የጠየቀን ካለ ጎብኚ ነው የተከለው እንላለን።”