ናሙናው ውስጥ የሌለው ጡንቻ

ጌጃ ሰፈር ዶክተር ወጣላት ተብሎ ደስታው ሳይበርድ፣ ዶክተር ነስሪን በሽተኛ እንደማታይ ተሰማ። የምትማረው ከኩላሊት፣ ከፊኛና ከፕሮስቴት ተቆርጦ መስታወት ላይ የተለጠፈ ናሙና በማይክሮስኮፕ አይቶ በሽታውን መለየት ነው። ጉንፋን የያዛቸው ጎረቤቶች ሳይቀሩ ቅር አላቸው። «ሰው ፈርታ ነው» አሉ። እሷና ፍርሃት ግን አይተዋወቁም።

አስተማሪዋ ዶክተር ወይንሀረግ አንድ ሕግ አላቸው፤ አስተያየት የሚጀመረው ከጀማሪው ነው። ትልቁ ቀድሞ ከተናገረ ማን ደፍሮ ሌላ ይላል? ጀማሪዋ ደግሞ ነስሪን ነች።

የዚያን ቀን የመጣው ከአንድ የሚኒባስ ሹፌር ፊኛ የተወሰደ ናሙና ነበር። ካንሰር መሆኑን ሁሉም አይተዋል። ጥያቄው ወደ ፊኛው ወፍራም ጡንቻ ዘልቋል ወይ ነው። ከዘለቀ ፊኛው ተቆርጦ ይወጣል፤ ሰውየው ዕድሜ ልኩን ሽንቱን ሆዱ ላይ በተለጠፈ ከረጢት ሊሸከም ነው።

«ዘልቋልም አልዘለቀምም አልልም» አለች ነስሪን፣ ዓይኗን ከማይክሮስኮፑ ሳታነሣ። «ወፍራሙ ጡንቻ ናሙናው ውስጥ የለም። ይሄ ከላይ ያለው ስሱ ነው፤ ሲባጎ እንጂ ገመድ አይደለም።»

አንድ ዓመት የሚቀድማት በሱፍቃድ ሳቀ። «የአባትሽ ሱቅ መሰለሽ እንዴ? ጡንቻ ጡንቻ ነው። ዘልቋል።»

እርግጥ አባቷ ጋሽ ረሻድ ጠመንጃ ያዥ ሰፈር ገመድ ይሸጣሉ። ምን ያሳፍራል?

«ጀለሴ፣ ሲባጎ በገመድ ዋጋ አልሸጥልህም» አለችው ድምጿን ዝቅ አድርጋ።

ዶክተር ወይንሀረግም ናሙናውን አዩ። ፊታቸው ግን እንደ ልደታ ፍርድ ቤት ዳኛ ነው፣ ምንም አይነበብበትም። ስልኩን ገፋ አደረጉላት። «ለቀዶ ሐኪሙ ራስሽ ንገሪያቸው።»

ቀዶ ሐኪሙ ጮኹ። «በደንብ አልቆረጥኩም ነው የምትዪኝ? አንቺ መቼ ተመረቅሽ?»

«ገና ተማሪ ነኝ፣ ዶክተር። ግን በዚህ ናሙና የሰው ፊኛ አይወጣም። ጠለቅ አድርገው ድጋሚ ይውሰዱልን።»

«እሺ» አሉና ጆሮዋ ላይ ዘጉባት።

ሁለተኛው ናሙና ሲመጣ ወፍራሙ ጡንቻ በጥቅል በጥቅሉ ተኝቷል። ነስሪን ከዳር እስከ ዳር አሰሰችው፤ አንዲት ክፉ ሴል የለችበትም። በሱፍቃድም አገላብጦ አየና «አልዘለቀም» አለ። ዶክተር ወይንሀረግ «ምን ትጠብቂያለሽ?» አሏት።

ደወለች።

«ዶክተር፣ ጡንቻውን አግኝቼዋለሁ። ካንሰሩ አልነካውም። ፊኛው ሳይወጣ በመድኃኒት ይታከም።»

«እርግጠኛ ነሽ?»

«ነኝ።»

«በይ ለሹፌሩ ልንገረው» አሉ፣ ቁጣው ከድምፃቸው ጠፍቶ። «ከጠዋት ጀምሮ ኮሪደሩ ላይ ሲንቆራጠጥ ነው የዋለው።»