ቁልፍ ድንጋዩ ለምን ዘመመ

ሰፈሩን ለሁለት በከፈለው ወንዝ ላይ ያለው ቅስት ድልድይ አናቱ ላይ ያለች፣ ሁለቱን ጎን የምታያይዝ ቁልፍ ድንጋይ ዘማለች። ከተማው ሁሉ እየመጣ ፎቶ ይነሳባታል፤ ሁለት ቤተሰብ ግን ተጣልቶባታል። ድልድዩን የሠሩት ሁለት ግንበኞች፣ አንዱ ከወዲህ ሌላው ከማዶ፣ እኩል የተቆረጡ ሁለት ዘንጎች ተካፍለው ድንጋዩን ሁሉ በዚያ ለክተው ሊጠርቡ ተስማሙ። መሀል ሲገናኙ ክፍተቱ ወደ ወዲህ አዘንብሎ ተገኘ። እንግዲህ ወይ የወዲህኛው ድንጋይ አጥሯል፣ ወይ የማዶው ረዝሟል። ዘንጉን ጥሎ በክንዱ የለካው ማን ነው? ሁለቱም “እሱ ነው” እንዳሉ ሞቱና ጠቡን ለልጅ ልጅ አወረሱ።

የሁለቱም የልጅ ልጆች ግንበኞች ናቸው። የወዲህኛውን፣ ግንቡም ግትርነቱም እንደ ግንበኛ ቱምቢ ገመድ ቀጥ ያለ ስለሆነ፣ ቱምቢ ይሉታል። መልኩም ቁመናውም ቁርጥ አያቱን ነው። የአያቱን ዘንግ ሳሎን ግድግዳ ላይ ሰቅሎ እንግዳ በመጣ ቁጥር ያሳያል። አንድዬ ልጁ የማዶውን ግንበኛ ልጅ ላግባ ስትለው፣ “አያቴን ውሸታም ላለ ቤት ልጅ አልሰጥም! መጀመሪያ ጥፋታቸውን ይመኑ” አለ። ልጅቷም ያለ አባቴ ምርቃት አልሄድም ብላ ቁጭ አለች። እየከሳች መሆኑን ያያል፤ ግን አልላላም።

ድልድዩ ይታደስ ሲባል ሁለቱም ግንበኞች ተጠሩ። ቁልፍ ድንጋይ ከግራና ከቀኝ ካልተያዘ አይነካማ። ቱምቢ “እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል” እያለ ዘንጉን ከግድግዳ አውርዶ መጣ። እንደሚረታ አልተጠራጠረም።

መወጣጫው ላይ ሆነው አሮጌውን ልስን ሲያራግፉ የድንጋዮቹ ጠርዝ ወጣ። ቱምቢ ዘንጉን በማዶው ድንጋይ ላይ አጋደመ። ልክክ አለ። በራሱ ወገን ድንጋይ ላይ አጋደመ። ዘንጉ ጣት ያህል ተረፈ። ሌላውን ድንጋይ ለካ፤ ያው ነው። እጅጌውን ሰበሰበና ክንዱን አሳረፈበት። ከክርኑ እስከ ጣቱ ጫፍ ልክክ! ለካ ዘንጉ አንድ ጭረት እንኳ የሌለው ሥራ ላይ ውሎ ስለማያውቅ ነው። ቱምቢ መግቢያ ጠፋው።

የማዶው ግንበኛ ሁሉንም አይቷል። የግንብ ማንኪያውን ኖራ ሞልቶ ያጠሩትን ድንጋዮች ጠርዝ መሸፈን ጀመረ።

“ምን እያደረግክ ነው?” አለው ቱምቢ።

“ሥራዬን ነዋ። ኖራው ሳይደርቅ አቀብለኝ።”

ከታች ሰፈርተኛው አንጋጧል፤ ልጅቷም አለች። አንዱ፣ “እህሳ፣ የማን ጥፋት ሆነ?” ብሎ ጮኸ።

“አይታወቅም! አርጅቷል!” አለ የማዶው ግንበኛ።

ቱምቢ ዝም ቢል ኖሮ ነገሩ እዚያው ተዳፍኖ ይቀር ነበር። ቁልቁል ልጁን ተመለከታት።

“ይታወቃል!” አለ። “የኛ ነው። በክንዱ የለካው የኔ አያት ነው።”

ማንም አልሳቀም። ልጅቷ ፊቷን በሁለት እጇ ሸፈነች።

የማዶው ግንበኛ ማንኪያውን አስቀመጠ። “በል እንግዲህ፣ አፍ አውጥቼ ልጠይቅህ። ልጅህን ለልጄ ትሰጠኛለህ?”

“እኔማ ዛሬ ምን አፍ አለኝ” አለ ቱምቢ። “አንተ ከኛ ቤት ልጅ ካልተጸየፍክ፣ ውሰዳት።”