ያፏጨው የማጣሪያ ቤት

ባለቤቴ የማጣሪያ ቤት ሲመርጥ ፀሐይ ያሳየዋል። እንዲህ የሚያደርግ ሌላ መካኒክ አይቼ አላውቅም። ክዳኑን ከሥሩ ይነጥልና በጨርቅ ይወለውለዋል። ከዚያ እንደ ጭምብል ፊቱ ላይ ደቅኖ ወደ ፀሐይ ቀና ይላል። ስንጥቅ ካለው፣ የፀጉር ያህል እንኳ ቢሆን፣ ብርሃን ሾልኮ ይገባል። «ሻጭ ይዋሻል፣ ቀለም ይዋሻል፣ ፀሐይ አትዋሽም» ይላል።

የማጣሪያ ቤት የምለው ከሞተሩ ጎን የምትቀመጠውን ጥቁር የፕላስቲክ ሣጥን ነው። ሞተር የሚተነፍሰው በሷ በኩል ነው። ውስጧ ያለው ማጣሪያ አቧራውን ይይዛል። ሣጥኗ ከተሰነጠቀች ግን አቧራው ማጣሪያውን ትቶ በስንጥቁ ይገባና ሞተሩን እንደ አሸዋ ወረቀት ይፍቀዋል። የኛ አሮጌ መኪና ሣጥን መቆለፊያዎቿ ተሰባብረው በጎማ ቁራጭ ታስራ ነው የከረመችው። ዳገት ላይ መኪናዋ ታለከልካለች። ቱቦውን ፈትቼ ጣቴን ብሰድ ጣቴ አቧራ ለብሶ ወጣ። «ዛሬ ነገ አትበለኝ፣ ሞተሩ ሳያልቅ እንቀይረው» ብዬ ነዘነዝኩትና ወደ አሮጌ ዕቃ ተራ ይዤው ሄድኩ።

ይዤው ሄድኩ ያልኩት መሪውን የያዝኩት እኔ ስለሆንኩ ነው። «ወገቤን እያመመኝ ነው፣ አንቺ ንጂ» ማለት ከጀመረ ሰንብቷል። እኔም ወገቡን ነው ብዬ ቅባት ስገዛለት ነበር።

ዕቃ ሻጩን ሰው ሁሉ ቅቤው ይለዋል፣ ምላሱ ስለሚያሟልጭ። እንዳየን እጁን አሻሽቶ፣ «ጋሼ! ለርስዎማ ደብቄ ያስቀመጥኩት አለ» አለና ሦስት ሣጥን ደረደረ። አንደኛዋ አንገቷ አጭር ነው፣ ከኛ ቱቦ ጋር አትደርስም። ሁለተኛዋ ክዳኗን የሚያሽገው ጎሚኒ ደርቆ ተፈረፈረ። ሦስተኛዋ አዲስ ትመስላለች። ባለቤቴ መቆለፊያዎቿን ከፈተ፣ ዘጋ፣ ከፈተ። ድምፁን ወደደው። ክዳኑን ነጠለና ወለወለው፣ ፊቱ ላይ ደቀነው፣ ወደ ፀሐይም ቀና አለ።

እኔ ከጎኑ ቆሜ ነበር። ከጉንጩ እስከ ጆሮው ሥር ቀጭን የብርሃን ክር ተጋደመች። ክዳኑን ሲያዘነብል ክሯ ወጣችና ዐይኑ ላይ አረፈች። ዐይኑ አልተርገበገበም።

«ንጹሕ ነው» አለ።

ቅቤውን አየሁት። እሱም አይቷል። ያ ሁሉ ምላሱ የት እንደገባ እንጃ፣ መሬት መሬቱን ያያል። አፌን ከፈትኩና መልሼ ዘጋሁት። ዝም አይነቅዝም ይላሉ። በሰው ፊት ባሌን «አልታየህም እንዴ?» ልለው ነው? ዕቃውን አቅፎ ወደ መኪናው ሲሄድ ተከተልኩት። በሩን ሲከፍት እጁ መያዣውን ሁለቴ ሳተው።

መንገድ ላይ መጨነቅ ጀመርኩ። ለሣጥኗ አልነበረም፣ ሣጥን ይቀየራል። ባለቤቴ የፍሬን ሠራተኛ ነው። በማግስቱ ጠዋት ደግሞ ተማሪዎች የምታመላልስ ሚኒባስ የፍሬን ሸራ ልትቀይር ትመጣለች። ሹፌሩ ገና ከዋዜማው ደውሎ አስታውሶናል። እነዚያ ሕፃናት በመስኮት እጃቸውን አውጥተው «ቻው ቻው» ሲሉኝ ነው የማውቃቸው።

ጋራዣችን ገባን። ኮፈኑን ከፈተና አሮጌዋን ፈትቶ ጣላት። አዲሷን አስገባ፣ ብሎኖቹን አሰረ፣ ቱቦውን ገጠመ፣ የማጥበቂያ ቀለበቱን አጠበቀ። እጁ ሲሠራ ያምራል፣ ይህን አልክድም። «አስነሺ» አለኝ። ቁልፉን አዞርኩ።

ሞተሩ ተነሣ። አብሮትም ቀጭን ፉጨት ተነሣ፣ የተሰነጠቀ ዋሽንት የሚነፋ ሰው ያለ ይመስል።

ባለቤቴ ጆሮውን አዘነበለ። ቀለበቱን ደግሞ አጠበቀ። ያፏጫል። ቱቦውን ጨበጥ አደረገ። ያፏጫል። ከዚያ መዳፉን ክዳኑ ላይ ቀስ እያለ አንሸራተተ። አንገቷ ጋ ሲደርስ ሌባ ጣቱ ቆመ። ፉጨቱም ቆመ። ጣቱን አነሣ፣ አፏጨ። መልሶ ጫነው፣ ዝም አለ።

ጣቱን እንደጫነ ቀረ። እኔ መሪው ላይ ተቀምጬ በተከፈተው ኮፈን ሥር ሆዱንና እጁን ብቻ ነው የማየው። ፊቱን አለማየቴን ወደድኩት።

«አጥፊው» አለ።

አጠፋሁና ወረድኩ።

«ከዚህ እስከዚህ ነው የተሰነጠቀው» አለ፣ በጥፍሩ እያሳየኝ። «ጥፍር ይገባል። ፀሐይ አሳይቼው ነበር እኮ።»

ቀና ብሎ ወደ እኔ ዞረ።

«አንቺ አይተሻል?»

«አይቻለሁ።»

«ቅቤውስ?»

«አይቷል።»

ጨርቁን አንሥቶ እጁን መጥረግ ጀመረ፣ ጣት በጣት። «እና አንቺ ከሌባ ጋር ሆነሽ አየሽኝ።»

«ምን ልበል? ‹ቅቤው ሆይ፣ ባሌ ዐይኑ ጠፍቷል፣ ደህናውን ስጠው› ልበል?»

«አዎ! እንደሱ በይ! ቤት ይዘሽኝ መጥተሽ ከምታስፏጪብኝ!»

ሣቄ ሊመጣ ነበር፣ እግዜር ይቅር ይበለኝ። ሣቁ ወደ እንባ ሊዞር ሲል ዋጥኩትና «ከመቼ ጀምሮ ነው?» አልኩት።

«ቀኙ ከክረምቱ በፊት ነው የሄደው። ግራው ጉም ነው። ጠዋት ጠዋት ይሻለዋል።»

«ወገቤን ያልከኝስ?»

«ወገቤንም ያመኛል» አለ ተቆጥቶ።

ክርክር አልጨመርኩም። ሣጥኗን ራሴ ፈታሁ፣ ከቱቦውና ከአሮጌዋ ጋር በጨርቅ ጠቅልዬ ያዝኩና ብቻዬን በታክሲ ወደ ቅቤው ተመለስኩ። ጠረጴዛው ላይ ዱብ አደረግኳት።

«አንተ ሰው፣ ሐፍረት የሚባል አልፈጠረብህም?»

«እትዬ፣ እርስዎም አይተዋል» አለኝ።

እንደ ጥፊ ጆሮዬ ላይ ጮኸ። ስድብ አዘጋጅቼ ነበር የሄድኩት።

ቅቤው ወንበር ሰጠኝና ራሱ ቆመ። «ለርስዎ ልንገርዎት፣ አይቀየሙኝ። ባለፈው ጋሼ የቀኙን መብራት ሲፈልጉ የግራውን ይዘው ሄዱ። ሲመልሱት ሠራተኛዬ ተሳስቶ ነው ብዬ ሠራተኛዬን ተቆጣሁላቸው። ተራው ሁሉ ያውቃል፣ እትዬ። ማን ይንገራቸው? እዚህ ያለነው ሁላችንም ፍሬን መሥራት የተማርነው ከሳቸው ነው።»

«ተራው ሁሉ ያውቃል» ያለው ከአጥንቴ ገባ። ገበናችን ጎዳና ላይ ወጥቶ ሲሄድ እኔ ብቻ ነኝ ለካ በሩን ዘግቼ የተቀመጥኩት።

ሌላ ሣጥን አወጣ። ራሴ መረጥኩ። አንገቷን ከያዝኩት ቱቦ ጋር ለካሁ፣ ጎሚኒዋን በጣቴ ዞርኩ፣ የብሎን ቀዳዳዎቹን ከአሮጌዋ ጋር አገናኘሁ። ጠርዟ ተፋቅፏል፣ ቀለሟም ደብዝዟል፣ ግን ሙሉ ናት። ቅቤው «ይቺማ አሮጊት ናት» አለኝ። «አሮጊት ነኝ እኔም» አልኩትና ይዣት ወጣሁ።

ስመለስ ባለቤቴ በርጩማው ላይ ተቀምጧል። ሣጥኗን እጁ ላይ አስቀመጥኳት። ዞር ዞር አድርጎ ዳበሳት። ተነሣና ዐይኑን ጨፈነ። አውቆ ነው፣ እያየሁት ጨፈነ። ከዚያ በጭፍኑ ገጠማት። ብሎን አልጣለም፣ ቁልፍ አልሳተም፣ ቱቦው በአንዴ ገባለት። «አስነሺ።» አስነሣሁ። ሞተሩ እንደ ጠገበች ድመት አንኮራፋ፣ ፉጨት የለም።

«ታዲያ?» አለኝ፣ ዐይኑን ሳይገልጥ። «ዐይን ምን ያደርጋል?»

አሁን ምን ይባላል? እውነቱን ነው፣ ከኔ ከባለ ሁለት ዐይኗ አሳምሮ ነው የገጠማት። ሌላ ሴት ብትሆን እዚህ ጋ ተረትታ ነበር። እኔ ግን እናቴ «ይቺ ልጅ ከበቅሎ ነው የተወለደችው» እያለች ያሳደገችኝ ነኝ።

«የነገዋን ሚኒባስ አትነካትም» አልኩት።

«ፍሬን በእጅ ነው የሚሠራው። ሠላሳ ዓመት በጣቴ ነው የሠራሁት።»

«ስማ። ይሄ ሣጥን ቢሰነጠቅ ያፏጫል፣ አፏጭቶ ነግሮሃል። ፍሬን ዘይት ሲያንጠባጥብ ያፏጫል? ዘይት ሸራው ላይ ሲወርድ ይጮሃል? ያየኸው እንደሆን አየኸው፣ ያላየኸው እንደሆን የሚጮኹት ልጆቹ ናቸው።»

ፊቱ አመድ መሰለ። «ዝም በይ» አለኝ። ጀርባውን ሰጥቶኝ አደረ፣ እኔም ጀርባዬን ሰጠሁት። ማናችንም እንዳልተኛን ሁለታችንም እናውቃለን።

ጠዋት ሚኒባሷ መጣች፣ ልጆቹን አራግፋ። ሹፌሩ ቀልደኛ ነው፣ ከመኪናው ሳይወርድ ነው የሚጀምረው። «ጋሼ! ዛሬማ ፍሬኗን እንዲህ አድርገው ያጥብቁልኝ፣ የባለቤቴን አፍ ጭምር እንድታቆምልኝ!»

ባለቤቴ ሣቀ። ክሪኩን አስገባ፣ የፊት ጎማዋን ፈታ። ጎማውን አንከባሎ ግድግዳ አስደገፈና መዶሻ ፍለጋ ዞረ። ያኔ ሄጄ ጎማውን አጋደምኩት። ላዩ ላይም ተቀመጥኩ፣ ቀሚሴን ሰብስቤ።

«ምን ሆንሽ?» አለ ባለቤቴ።

«አልሆንኩም። ተቀምጫለሁ።»

«ተነሺ።»

«አልነሣም።»

ሹፌሩ ሆዱን ይዞ ሣቀ። «እትዬ፣ ደግሞ ዛሬ በምን ተጣላችሁ? ጋሼ፣ ይቅርታ ይጠይቋቸውና እንሥራ፣ ልጆቹን ምሳ ሰዓት ላይ መመለስ አለብኝ።»

«ልጆቹን ነው እኔም የምለው» አልኩ። ከዚያ በላይ አልተናገርኩም። ባሌን ዐይን ዐይኑን እያየሁ ጎማው ላይ ተጣበቅኩ። ለሹፌሩ ብነግረው ቀላል ነበር፣ ምላሴ ጫፍ ላይ ነበር። ግን ይህ የሱ ቃል ነው፣ የሱን ቃል ከአፉ አልነጥቀውም ብዬ ተውኩት። እስኪናገር ድረስ ደግሞ፣ ፀሐይ ብትጠልቅም፣ አልነሣም፤ ያለ ጎማዋ ሚኒባሷ ከዚህ አትወጣም።

ባለቤቴ መዶሻውን ከአንድ እጁ ወደ ሌላው አዛወረ። የተቀመጥኩበትን ጎማ አያየውም፣ ወደ ድምፄ ነው የሚያየው። እንደሚመታኝ ወይም ጥሎ እንደሚሄድ ጠበቅኩ። በትዳራችን መትቶኝ አያውቅም፣ ግን ሰው ሲጨንቀው አይታወቅም።

«ወንድሜ» አለ ወደ ሹፌሩ ዞሮ። «ዐይኔ አይሠራም። ሌላ ቦታ ውሰዳት።»

ሹፌሩ ሌላ ቀልድ መስሎት ሣቁን ቀጠለ። ከዚያ የኔን ፊት አየ። ሣቁ ከአፉ ላይ ተንጠልጥሎ ቀረ።

«ጋሼ... ባለፈው የሠሩልኝስ? የኋላዎቹን?»

ይህን አላሰብኩትም ነበር። እኔ የዛሬውን ሥራ ብቻ ነው ያሰብኩት።

ባለቤቴ መዶሻውን መሬት ላይ አስቀመጠ። «እሱንም አሳየው» አለ። «ለሚሠራልህ ሰው፣ አራቱንም ፍታልኝ በለው።»

ያኔ ተነሣሁ። ባለቤቴ ጎማውን አንከባሎ መለሰው፣ ብሎኖቹን በጣቱ አስገባ፣ በቁልፍ አጠበቀ። ሹፌሩ እጁን ኪሱ ውስጥ ከትቶ ቆሞ ያያል። ሁሌ «የእጅዎን አይንሳኝ» ይል የነበረ ሰው ነው። ክሪኩ ሲወርድ ግን የብሎን ቁልፉን ከመሬት አነሣና ጎንበስ አለ። ባለቤቴ ያጠበቃቸውን እያንዳንዳቸውን ደግሞ ሞከረ። ቁልፉ ብሎን ላይ ሲነክስ ቂጭ፣ ቂጭ ይላል። አንዱም አልላላም ነበር። ግን ሞከረ።

ባለቤቴ አንገቱን ዘንበል አድርጎ ያንን ድምፅ ይሰማ ነበር።

ሚኒባሷ ቀስ ብላ፣ በጣም ቀስ ብላ፣ ወጣች። አቧራው እስኪረግብ ሁለታችንም በሩ ላይ ቆምን። ክንዱን ልይዘው ፈለግኩና ፈራሁ።

«አራቱንም ጎማ ዞሮ ሞከረ?» አለኝ።

«የለም። የፈታኸውን ብቻ።»

«አራቱንም መዞር ነበረበት» አለ። ገብቶም መሣሪያዎቹን አንድ ባንድ ከመሬት መልቀም ጀመረ፣ በእጁ እየዳበሰ። እኔም ጎንበስ ብዬ አብሬው ለቀምኩ።